ቀይ ክዳን፣ አረንጓዴ ክዳን

ጡረተኛዋ መምህርት ሰኞ ጠዋት ከቤታቸው ደረጃ ሥር ተዘርረው ሲገኙ፣ ሐኪም ሳይደርስ፣ ፖሊስ ሳይጠራ፣ የሠፈሩ ሰው ፍርዱን ሰጥቶ ጨርሶ ነበር። ሰው ለመፍረድ መቼ ሰንፎ ያውቃል! «ልጃቸው ናት የገፈተረቻቸው» ተባለ። ማታ ሲጨቃጨቁ ተሰምቷል። ቤቱ ውስጥ ከእናትና ልጅ፣ ከስድስት ዓመቷም የልጅ ልጅ በቀር ሌላ ሰው አላደረም። በሩ ከውስጥ ተቆልፏል። ከዚህ ወዲያ ምን ይፈለጋል?

ኢንስፔክተሩ ግን ሌላ ዓይነት ሰው ነው። ባልደረቦቹ «ቆይ-ቆይ» ይሉታል። ሁሉም ተሽቀዳድሞ ወደ በር ሲሮጥ እሱ «ቆይ፣ ቆይ» ስለሚል ነው። አለቃው በዚህ ጠባዩ የተነሳ ጸጉራቸው ያለቀ ይመስላቸዋል።

አምቡላንሱ ራሳቸውን የሳቱትን መምህርት ይዞ ከሄደ በኋላ ኢንስፔክተሩ ደረጃውን አንድ በአንድ እየረገጠ ወጣ። መደገፊያው አልተነቃነቀም፣ ምንጣፉ አልተላጠም፣ የግብግብ ምልክት የለም። መኝታ ክፍላቸው ሲገባ ግን አንድ ነገር ገረመው። ውጭ ፀሐይ ሞቅ ብላ ሳለ መጋረጃው ግጥም ተደርጎ ተዘግቷል፤ በጠርዙ በኩል እንኳ ብርሃን እንዳይገባ ፎጣ ተወትፎበታል።

«እማዬ ሰሞኑን ብርሃን ጠልታለች» አለች ልጃቸው። ልብስ ሰፊ ናት፤ አንገቷ ላይ ያጠለቀችውን ሜትር እንኳ ማውለቅ ረስታለች። «ዓይኔን ወጋኝ ትላለች። ትናንት የተጨቃጨቅነውም በዚሁ ነው። ሐኪም ዘንድ ካልሄድሽ ብዬ ጮህኩባት። አዎ፣ ጮኼአለሁ! ግን ጣቴን አላሳረፍኩባትም። ዱብ የሚል ነገር የሰማሁት ወጥ ቤት ሆኜ ነው።»

«ሌላ ማን ይመጣል እዚህ ቤት?»

«አጎቴ ብቻ። የእማዬ ታናሽ ወንድም፣ ሰዓት ሠሪው። እሱ ባይኖር ምን ይውጠን ነበር? መድኃኒት እንኳ የሚያመጣልን እሱ ነው። ከቅዳሜ ወዲህ ግን አልመጣም።»

ኢንስፔክተሩ ሁለት ትናንሽ ጠርሙሶች አገኘ። አረንጓዴ ክዳን ያለው ራስጌ ነበር፤ ቀይ ክዳን ያለው በሕፃኗ ክፍል።

«አረንጓዴው የእማዬ ነው፣ ለዓይን ግፊት። ጠዋትና ማታ እኔ ነኝ የማደርግላት፤ ይኸው አሥራ አንድ ዓመት ሆነኝ። ቀዩ የልጄ ነው፤ አንድ ዓይኗ ሰነፍ ነው ስላሉ።»

ሁለቱንም ለየብቻ በወረቀት ከረጢት አድርጎ ኪሱ ከተተ። ለምን እንደሆነ ቢጠይቁት አያውቅም ነበር።

*

ሆስፒታሉ ውስጥ ያገኘው ሐኪም ወጣት ነው፤ እንቅልፍ ካየ የሰነበተ ይመስላል።

«ተስፋ የለውም» አለው። «ጭንቅላታቸው ውስጥ ደም ተጠራቅሟል። ደሙን ማውጣት ይቻል ነበር፤ ግን ሁለቱም የዓይን ብሌኖች ተበልጥጠዋል። መብራት ሲበራባቸው ንቅንቅ አይሉም። ይሄ ማለት አንጎላቸው አብቅቶለታል ማለት ነው። ቀዶ ሐኪሙ አይቷቸው ‘አሁን መቅደድ ማሠቃየት ነው’ ብሎ ሄደ።»

«ስንት ጊዜ ይቆያሉ?»

«ነገን ካዩ ትልቅ ነገር ነው።»

ከክፍሉ ሳይወጣ አለቃው ደወሉ።

«ሴትዮዋ ከሞቱ ግድያ ነው። ልጅቷን ይዘህ ና።»

«ቆይ ጌታዬ…»

«ምኑን ነው የምቆየው? እስከ ዛሬ አሥራ አንድ ሰዓት። አበቃ።»

መተላለፊያው ላይ ልጅቷ ልጇን አቅፋ ተቀምጣለች። እናቷን ልታጣ ነው፤ እናት ስትሞት ደግሞ እሷ ወህኒ ልትወርድ ነው። ያቺ ሕፃን ማን ጋ ልትቀር ነው?

*

የሰዓት ሠሪው ሱቅ ጠባብ ነው። ጥቃቅን ብሎኖች በብርጭቆ ተከድነው ተቀምጠዋል፤ ጉጠቶች በቁመታቸው ተሰልፈዋል። መስኮቱ ሰፊ ሆኖ ሳለ የሥራ ጠረጴዛው ጀርባውን ለመስኮቱ ሰጥቷል። መብራቱም አልበራም።

ሰዓት ሠሪው ስድሳ ዓመት የሞላቸው፣ ድምፃቸው ለስላሳ የሆነ ሰው ናቸው። አርባ ዓመት አጉሊ መነጽር ሲሰካበት የኖረው ቀኝ ዓይናቸው ዙሪያውን እንደ ቀለበት ሰርጉዷል። ስለ እህታቸው ሲጠየቁ ከዚያው ዓይን እንባ ወረደ። በመሐረብ ጠረጉት፤ ደግሞ ወረደ።

«እናቴ ማለት ናት። አሳድጋ ሰው ያደረገችኝ እሷ ናት።»

«ጠዋት የት ነበሩ?»

«እዚሁ። ገና አንድ ሰዓት ሳይሞላ ነው የከፈትኩት። ጎረቤቶቼን ይጠይቋቸው።»

ጠየቃቸው። ዳቦ ሻጩም፣ ጫማ አዳሹም «አዎ፣ ከአንድ ሰዓት ጀምሮ ከወንበራቸው አልተነሱም» አሉ። መምህርቷ የወደቁት ሁለት ሰዓት ላይ ነው። እንከን የለውም።

«የእህቴን ልጅ አትጨክኑባት» አሉ ሰዓት ሠሪው። «ቁጡ ናት እንጂ ክፉ አይደለችም። ሰው ሲናደድ እጁ ይቀድመዋል… እኔ ምንም አልልም።»

ኢንስፔክተሩን ሐዘናቸው አንጀቱን በላው። ወሬ ለማስቀየር ያህል የቆመ ሰዓቱን ከእጁ ፈትቶ ሰጣቸው። አጉሊ መነጽሩን ግራ ዓይናቸው ላይ ሰክተው ትንሽ ታገሉ፤ ከዚያ መለሱለት።

«ይቅርታ ያድርጉልኝ፤ ዛሬ እጄ እንቢ ብሎኛል።»

«ምን ይቅርታ ያስፈልገዋል!» አላቸው ኢንስፔክተሩ። ከልቡ ነበር።

*

ጠርሙሶቹ የተገዙባት የዓይን መድኃኒት ቤት ባለቤት እውነተኛ ስማቸው ተረስቶ «እትዬ ጠብታ» ተብለው ቀርተዋል። ከዓይን ጠብታ በቀር ሌላ መድኃኒት አይሸጡም። ራሴን አመመኝ ብሎ የሚመጣውን «ሂድና ተኛ» ብለው ይመልሱታል። ኢንስፔክተሩ የሄደው ስለ ጠርሙሶቹ ሁለት ጥያቄ ጠይቆ ሊመለስ ነበር። «ብሌናቸው ተበልጥጦ» ከሚለው ቃል አላለፈም፤ እትዬ ጠብታ ባንኮኒውን በጥፊ መቱት።

«ምን አልክ?»

«ሐኪሙ ነው ያለው።»

«አይሆንም! ስማ አንተ ልጅ…» ኢንስፔክተሩ ሃምሳ ሁለት ዓመቱ ነው፤ ቢሆንም ዝም ብሎ ሰማ። «ለመምህርቷ አሥራ አንድ ዓመት አረንጓዴ ክዳን ሰጥቻለሁ። አረንጓዴ ማለት ብሌን የሚያጠብብ ነው፤ ፒሎካርፒን ይባላል። የሳቸው ብሌን የሰሊጥ ፍሬ ነው የሚያክለው! በሰባ ሦስት ዓመታቸው ያለ መነጽር ጋዜጣ የሚያነቡት በምን ይመስልሃል? ቀዳዳው ሲጠብ ነገር ሁሉ ጥርት ብሎ ስለሚታይ ነው። ጭንቅላት ተመታ ተብሎ ሰሊጡ ባቄላ ይሆናል?»

«ታዲያ ምን ሊሆን ይችላል?»

«ሳላይ አልናገርም። መኪና አለህ?»

ነጭ ጋዋናቸውን ሳያወልቁ፣ ያልተከፈተ አረንጓዴ ክዳን ከመደርደሪያ አንስተው ሱቁን ቆለፉ። መንገድ ላይ ኢንስፔክተሩን «ምነው ትሳባለህ፣ ንዳው እንጂ!» እያሉ መድረሻ አሳጡት።

ሐኪሙ ሊያስገባቸው አልፈለገም።

«አርባ ደቂቃ ስጠኝ ልጄ» አሉት። «ካልሆነልኝ ገፍትረህ አስወጣኝ። ብሌናቸው የተበለጠጠው ነርቩ ተጎድቶ ከሆነ፣ ይሄ ጠብታ ያጠብበዋል፤ ነርቭ አይጠይቅም፣ ጡንቻውን ራሱን ነው የሚያዘው። አልጠብም ካለ ግን ሌላ መድኃኒት ቀድሞ ገብቶ በሩን ዘግቶበታል።»

ሐኪሙ ክው አለ። ትምህርት ቤት ተምሮታል፤ በዓይኑ ግን አይቶት አያውቅም። ሴትዮዋ ጠብታ እንደሚጠቀሙም የነገረው አልነበረም።

«ይሞክሩ» አለ።

እትዬ ጠብታ በመምህርቷ ዓይኖች ላይ አንዳንድ ጠብታ አደረጉ። ከዚያ እጃቸውን ወደ ኢንስፔክተሩ ዘረጉ።

«አሁን ደግሞ ከቤታቸው ያነሳኸውን አረንጓዴ ክዳን አምጣ።»

«ማስረጃ ነው እኮ እትዬ!»

«አንዲት ጠብታ ናት። አምጣ።»

ተቀብለው ሽቅብ ቀና አሉና የራሳቸው ግራ ዓይን ላይ ጠብ አደረጉት።

«ምን ነካዎት! መርዝ ቢሆንስ?»

«የኔን ዓይን የመረጥኩት ለዚህ አይደል? ድሮ በድመት ነበር የሚሞክሩት። ድመቷ ምን አጠፋች?»

ሦስቱም አልጋውን ከበው ተቀመጡ። ኢንስፔክተሩ በሃያ ስድስት ዓመት ሥራው ብዙ ደፋር አይቷል፤ ነጭ ለብሶ፣ ወንበር ላይ ተቀምጦ፣ ሰዓት እያየ የሚደፍር ግን ይሄ የመጀመሪያው ነው።

«ቀድሞ የገባው ምን ይመስልዎታል?» ሲል ጠየቀ።

«አትሮፒን። ቀይ ክዳን ያለው። እሱም ከቅጠል ነው የሚወጣው፣ አረንጓዴውም ከቅጠል። አንዱ ብሌን ይከፍታል፣ አንዱ ይዘጋል። ለዚህ ነው ዓይነ ስውር ሊሆን የደረሰ በሽተኛ እንኳ እንዳይሳሳት ክዳናቸው በቀለም የተለየው።»

«ምን ማለት ነው ስሙ?»

እትዬ ጠብታ ፈገግ አሉ። ይህን የሚጠይቃቸው ሰው ጠፍቶ የኖረ ይመስላሉ።

«ተክሉን በጥንት ጊዜ ‘ቆንጆ ሴት’ ብለው ነበር የሚጠሩት። ሴቶች ዓይናቸው ጎላ እንዲል ጭማቂውን ያንጠባጥቡ ነበር። ያምርባቸዋል፤ የሚያወሩትን ሰው ፊት ግን አጥርተው አያዩም። ኋላ ሊቃውንቱ ከተክሉ ውስጥ ዋናውን ነገር ነጥለው ሲያወጡ ስም ፈለጉለት። በግሪክ ተረት የሰውን ዕድሜ የሚፈትሉ ሦስት እህትማማቾች አሉ። አንደኛዋ ትፈትላለች፣ ሁለተኛዋ ትለካለች፣ ሦስተኛዋ ትቆርጣለች። በቆራጯ ሰየሙት።»

«ወይ ጉድ! መድኃኒትን በገዳይ ስም?»

«ለማስጠንቀቂያ ነዋ። ግን ክፉ አታድርገው፤ ስንቱን ያዳነ መሰለህ! ይሄን ልጅ ጠይቀው።»

ሐኪሙ ራሱን ነቀነቀ። «የተባይ መርጫ ጠጥቶ አረፋ የደፈቀ ሰው ሲመጣ መጀመሪያ የምንሮጠው ወደሱ ነው። ልብ ሊቆም እስኪደርስ ሲዘገይም የምንቀሰቅሰው በሱ ነው። ባለፈው ወር ብቻ አራት ሰው መልሶልኛል።»

«አየህ?» አሉ እትዬ ጠብታ። የልጃቸውን ውጤት እንደሰማ ወላጅ ኮርተው ነበር።

አርባ ደቂቃው ሞላ። ሐኪሙ ባትሪውን አበራ። የመምህርቷ ብሌኖች እንደተበለጠጡ ናቸው፤ አንዲት ፀጉር ያህል አልጠበቡም። ባትሪውን ወደ እትዬ ጠብታ አዞረ። ቀኝ ዓይናቸው ተኮማተረ፤ ግራው ጥቁር ጉድጓድ ሆኖ አፍጥጧል።

«አትሮፒን!» አለ ሐኪሙ። «አንጎላቸው አይደለም! አንጎላቸው አልሞተም!» ቀዶ ሐኪሙን እየጠራ በመተላለፊያው ሮጠ። ሩብ ሰዓት ሳይሞላ መምህርቷ ወደ ቀዶ ክፍል ገቡ።

*

ልጅቷ ሁሉንም በሩ ላይ ቆማ ሰምታለች። ግድግዳውን ተደግፋ ቁጭ አለች።

«ቀዩን ነው ያደረግኩላት? ክዳኑን ቀያይሬው ነው? በገዛ እጄ ነው?»

«ቆይ» አላት ኢንስፔክተሩ።

እትዬ ጠብታ ከልጅቷ ጎን በርከክ አሉ። «የልጅሽን ጠብታ ቅዳሜና እሑድ ነው አይደል የምታደርጊው? ጎበዙ ዓይኗ ላይ?»

«አዎ።»

«ሰነፉ ሥራ እንዲለምድ ጎበዙን ማስተኛት ነው» አሉት ለኢንስፔክተሩ። ከዚያ የሕፃኗን አገጭ ይዘው ወደ ብርሃን አዞሯት። «እይ፤ ሁለቱም ብሌኖቿ እኩል ናቸው። የትናንቱ አትሮፒን ቢሆን አንደኛው እንደኔ አፍጥጦ ነበር። አንቺ ሚጡ፣ ጠብታው ሲገባ ምን ሆንሽ?»

«ግንባሬን አመመኝ» አለች ሕፃኗ።

«ይሄ የአረንጓዴው ሥራ ነው። በጠርሙሶቹ ውስጥ ያለው ተለዋውጧል። በላያቸው የተለጠፈው ስምና ክዳኑ ግን በየቦታው ነው። ሰው ክዳን ቢሳሳት ይሳሳታል፤ አንዱን ጠርሙስ ወደ ሌላው ተሳስቶ አይገለብጥም። ይሄ ታስቦበት የተሠራ ነው።»

ኢንስፔክተሩ አለቃውን ደውሎ ነገራቸው። ምነው ባልነገራቸው!

«ታስቦበት ከሆነማ ይብስ! ጠብታውን የምታደርገው ማን ናት? ልጅቷ! የሁለቱም ጠርሙስ ቤት የት ነው? እሷ ጋ! አምጣት!»

ሰዓቱ አሥር ሆኗል። ኢንስፔክተሩ እትዬ ጠብታን ሊሸኝ አብሯቸው ወጣ። የሆስፒታሉን በር እንዳለፉ ፀሐይዋ ፊት ለፊት አገኘቻቸው። እትዬ ጠብታ ግራ ዓይናቸውን በመሐረብ ከደኑ። እንባቸው በጉንጫቸው ወረደ።

«አይዞዎት እትዬ» አላቸው። «የሚችሉትን አድርገዋል። አያልቅሱ።»

«ማን ያለቅሳል! ብርሃኑ ነው እንጂ። ብሌኑ አልዘጋ ሲል እንዲህ ያነባል፤ ሳምንት ይሄንኑ ስጠርግ ልሰነብት ነው። ደግሞስ በአንድ ዓይን የሚያለቅስ ሰው የት ታውቃለህ?»

ኢንስፔክተሩ ቀጥ ብሎ ቆመ። ያውቃል። ዛሬ ጠዋት አይቶታል፤ አይቶም አጽናንቶታል።

«ቆይ» አለ። ለማን እንዳለው አልታወቀም። «ጠርሙሶቹን ከእርስዎ የወሰደው ማን ነበር?»

«ወንድማቸው ነዋ። ረቡዕ፣ ሁለቱንም ባንድ ላይ።»

ኢንስፔክተሩ ለመጀመሪያ ጊዜ በሕይወቱ ሮጠ።

*

ሰዓት ሠሪው እንደ ጠዋቱ ጀርባቸውን ለመስኮቱ ሰጥተዋል።

«ጋሼ፣ ወደኔ ይዙሩልኝ» አለ ኢንስፔክተሩ።

ባትሪውን አበራ። ግራው ብሌን ጠበበ። በሰርጓዳው ቀለበት መሐል ያለው ቀኙ ግን አልተንቀሳቀሰም። ጥቁር፣ ሰፊ፣ እንደ እትዬ ጠብታ ግራ ዓይን ያለ ነው።

«ዓይኔን አሞኝ…»

«ከረቡዕ ጀምሮ አይደል? ጠርሙሶቹን እዚህ ጠረጴዛ ላይ ገለበጧቸው። ጣትዎ ረጠበ። እንደ ልማድዎ አጉሊ መነጽሩን በዚያው ጣት ይዘው ቀኝ ዓይንዎ ላይ ሰኩት። አርባ ዓመት ያደረጉት ነገር ስለሆነ አላሰቡበትም። ለዚህ ነው ዛሬ በግራ የታገሉት።»

ሰውዬው ዓይኑን ወደ ጠረጴዛው መሳቢያ ጣል አደረገ። ከዚህ በኋላ እኔም አንቱታዬን አንስቻለሁ።

መሳቢያው ሲከፈት አንድ ወረቀት ተገኘ። መምህርቷ ቤታቸውን ለወንድማቸው እንደሰጡ ይናገራል። ፊርማው መስመሩን ስቶ ወደ ጎን ሄዷል።

«እህቴ ነጥብ ሳይቀራት አንብባ ነው የምትፈርመው» አለ ሰዓት ሠሪው። «መነጽር እንኳ የላትም፤ አያስፈልጋትማ። ለጥቂት ቀን ማንበብ ባትችል… ቅዳሜ ሄድኩ። ‘ደብዝዞብኛል፣ አንተ አንብብልኝ’ አለችኝ። የውኃ መስመር ማመልከቻ ነው ብዬ ሌላ አነበብኩላት። ፈረመች። እንድትወድቅ አልፈለግኩም! ደረጃውን እንደማታየው አላሰብኩም!»

«ቤቱን ለልጃቸው ሊተዉ ነበር?»

«አርባ ዓመት ሙሉ ደጇን የጠናሁት እኔ ነኝ!»

«ጠዋት ስለ ልጅቷ ‘እጁ ይቀድመዋል’ ያልከኝስ?» አለ ኢንስፔክተሩ። አንቱታውን እሱም ትቶታል። ሰውዬው እጁን ዘረጋ፣ ካቴናው ገባለት። ኢንስፔክተሩ የተናደደው ግን በራሱ ነው። ለዚያ እንባ ጠዋት ከልቡ አዝኖለት ነበርና።

*

በዘጠነኛው ቀን መምህርቷ ቃላቸውን መስጠት ይችላሉ ተባለ። ኢንስፔክተሩ ሲገባ ራሳቸው በፋሻ ተጠቅልሎ፣ ትራስ ተደግፈው ተቀምጠዋል። ድምፃቸው ቀጭን ነው፤ ትዕዛዛቸው ግን የክፍል ኃላፊ ነው። የወንድማቸውን ነገር አንድ ጊዜ ተናገሩ፤ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ፤ ሁለተኛ አላነሱትም።

እትዬ ጠብታ አዲስ አረንጓዴ ክዳን ይዘው መጥተዋል። ሐኪሙ እንደ ተማሪ እጁን አጣምሮ ከኋላቸው ቆሟል። ሰሞኑን ከሥራ ሲወጣ መድኃኒት ቤታቸው ጎራ እያለ እንደሚጠይቃቸው ኢንስፔክተሩ ሰምቷል፤ አልፈረደበትም፤ ራሱም ሁለት ጊዜ ሄዷል።

«በሉ፣ ሰዓቱ ደርሷል» አሉ እትዬ ጠብታና ጠርሙሱን ለልጅቷ ዘረጉላት።

ልጅቷ እጇን ወደ ኋላ ደበቀች። «ነርሷ ታድርግላት። ሰሞኑን የምታደርግላት እሷ ናት።»

«ለምን?» አሉ መምህርቷ።

«እማዬ… በዚህ እጅ ነው እኮ። አምስት ቀን ሙሉ፣ ጠዋትና ማታ፣ በዚህ እጅ። ‘ወጋኝ’ ስትዪኝ ‘ዝም ብለሽ ቻይው’ አልኩሽ። እንዴት ብዬ ነው ሁለተኛ የምነካሽ?»

ኢንስፔክተሩ «ጥፋቱ ያንቺ አይደለም» ሊል አፉን ከፍቶ ተወው። ዘጠኝ ቀን ሁሉም ሰው ብሏታል፤ አልጠቀማትም።

«ነይ ወዲህ» አሉ መምህርቷ።

አልተንቀሳቀሰችም።

«አንቺ ካላደረግሽልኝ ሌላ ሰው አያደርግልኝም። ነርሷንም ከዛሬ ወዲያ አላስጠጋም። ብታወር ልታወር።»

«እማዬ!»

መምህርቷ ራሳቸውን ትራሱ ላይ ወደ ኋላ ጣል አደረጉና ሁለቱንም ዓይኖቻቸውን ከፍተው ጠበቁ። ልጅቷ ጠርሙሱን ተቀበለች። ስሙን አነበበች፣ ደግማ አነበበች፣ ክዳኑን ከፈተች። ጠብታዋ አፋፉ ላይ ተንጠልጥላ ቆየችና ወደቀች። መምህርቷ ዓይናቸውን አላርገበገቡም።

«ግራውንም» አሉ።